አቶ ይድነቃቸው ተሰማና የተከፈለው ሜዳ

የዚህ መጽሔት አዘጋጆች መጀመሪያ የጠየቁኝ ስለ ደም ግፊት እንድጽፍ ነበር። እውነታቸውን ነው፤ ከእኛ ባች አርባን ያልተሻገረ የለም፣ ባለፈው መሰባሰቢያ ላይም ግማሹ ሰው ቁርጡን እያየ ሲተክዝ ነበር ያመሸው። ግን ስለ ደም ግፊት የሚጽፍ ሐኪም አይጠፋም። እኔ ስለ አንድ ኳስ ተጫዋች ልጻፍ ብዬ ለምኜ ተፈቀደልኝ።

ምክንያቴን ላስቀድም። ለመሰባሰቢያችን የምናደርገውን የወዳጅነት ጨዋታ ለማቀድ የተገናኘን ምሽት፣ ቡድኖቹ በትውልድ አካባቢ ይከፈሉ፣ የዚህ ክልል ልጆች ከዚያኛው ክልል ልጆች ይግጠሙ የሚል ሐሳብ ቀረበ። ያመጣው ጓደኛችን ክፋት የለበትም፤ ነገሩ ሞቅ እንዲል ብሎ ነው። አንዳንዱ ሳቀ፣ አንዳንዱ ወዲያው የትኛው ቡድን በረኛ እንደሚያጥረው ማስላት ጀመረ። እኔ ዝም አልኩ። ቤቴ ገብቼ ግን እንቅልፍ እምቢ አለኝ። በሐሳቤ የመጣው ደግሞ፣ ይገርማችኋል፣ የአባቴ ሱቅ ነው።

አባቴ መርካቶ ውስጥ የልብስ ሱቅ ነበረው። ነሐሴ 1979 ዓ.ም ነው፤ የስምንት ዓመት ልጅ ነኝ፣ ትምህርት ቤት ተዘግቷል፣ ውጭ ዝናብ ነው፣ እኔ የቦንዳ ክምር ላይ ቁጭ ብያለሁ። ሬዲዮው ዜና ሲያወራ አባቴ በእጁ የያዘውን ሜትር አስቀመጠና ዝም አለ። ትንሽ ቆይቶ የጎረቤት ነጋዴዎች አንድ በአንድ መጡ። አንደኛው የሱቃችንን በር ግማሹን ገጠም አደረገው፣ ልክ ለቅሶ ቤት እንደሚደረገው። ዘመድ የሞተብን መሰለኝና ማን እንደሆነ ጠየቅሁ። አባቴ የነገረኝ ስም ከዘመዶቻችን ውስጥ የለም። ይድነቃቸው ተሰማ። በዚያ ቀን ቡና ተፈልቶ እስኪያልቅ ድረስ፣ ከአራት የተለያየ አገር የመጡ ነጋዴዎች አንድ ላይ ተቀምጠው ስለ አንድ ሰው ጎል ሲያወሩ ሰማሁ። ከዚያ በኋላ ስለ እኒህ ሰው ያገኘሁትን ሁሉ ሳነብ ኖሬያለሁ።

አቶ ይድነቃቸው የተወለዱት በጅማ፣ መስከረም 1 ቀን 1914 ዓ.ም፣ በእንቁጣጣሽ ዕለት ነው። አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ ናቸው። ነጋድራስ ተሰማን የማያውቅ ወጣት መምህር ካለ፣ በአጭሩ፦ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ጀርመን አገር ሄደው ድምፃቸውን በሸክላ ያስቀረጹ፣ በግጥማቸውና በቀልዳቸው ስማቸው እስካሁን የሚጠራ ሰው ናቸው። ነጋድራስ ማለት ደግሞ የገበያና የቀረጥ ሹም ነው። እኛ የመርካቶ ልጆች የነጋድራስን ልጅ ከራሳችን ወገን ብንቆጥረው ማንም የሚፈርድብን አይመስለኝም።

ልጁ የተማሩት ተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ነው። ትምህርት ቤቱ በ1917 ዓ.ም የተከፈተ፣ ከስድስት ኪሎ ግቢያችን ብዙም የማይርቅ መሆኑን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ያን ጊዜ ኳስ በከተማዋ ውስጥ በአብዛኛው የውጭ ዜጎች ጨዋታ ነበር፤ አርመኖች፣ ግሪኮች፣ ሌሎችም ይጫወታሉ፣ የአገሩ ልጅ ዳር ቆሞ ያያል። በ1928 ዓ.ም ግን አራዳ ላይ የኢትዮጵያውያን ቡድን ተቋቋመ፤ ስሙንም ከሰፈሩ ቤተ ክርስቲያን ወስዶ ቅዱስ ጊዮርጊስ ተባለ። መሥራቾቹ አንዱ አየለ አትናሽ፣ ሌላው ጆርጅ ዱካስ ናቸው። በእኛ ኮሚቴ ስሌት እነዚህን ሁለቱን በየትኛው ቡድን እንደምናሰልፋቸው እንጃ። አቶ ይድነቃቸው በ14 ዓመታቸው ከዚህ ቡድን ጋር ተቀላቀሉ፤ እስኪያቆሙም ድረስ ከእሱ አልወጡም።

ዓመቱን ልብ በሉ። በ1928 መስከረም ላይ ጣልያን ወረራውን ጀምሯል። ወጣቶቹ ቡድን ያቋቋሙት ጦርነት ላይ ሆነው ነው። በዚያው ዓመት ሚያዝያ 27 የጣልያን ጦር አዲስ አበባ ገባ።

እዚህ ጋ ስለ ሰፈሬ ትንሽ መናገር አለብኝ፤ ከኳሱ ጋር ይገናኛል። ከጣልያን በፊት የአዲስ አበባ ትልቁ ገበያ አራዳ፣ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ነበር። ጣልያን ሲገባ ከተማዋን በቀለም ለመክፈል ፕላን አወጣ። አራዳና አካባቢው ለነጭ፣ የአገሬው ሰው ደግሞ ወደ ምዕራብ። ገበያውም ተነቅሎ ወደዚያው ተወሰደ፤ ሰፈሩ አዲስ ከተማ ተባለ፣ ገበያውም መርካቶ ኢንዲጄኖ። መርካቶ በጣልያንኛ ገበያ ማለት ነው፣ ኢንዲጄኖ የአገሬው ተወላጅ። ይኸው እንግዲህ የምንኮራበት ስም የአንድ መለያ ሐረግ ግማሽ ነው። ሁለተኛውን ቃል ሕዝቡ ቀስ ብሎ ጣለው፣ አንደኛውን አስቀረና የራሱ አደረገው። እኔ በልጅነቴ መርካቶ ንጹሕ አማርኛ ይመስለኝ ነበር።

ኳስ ላይም የተደረገው ይኸው ነው። ነጭና ጥቁር አብሮ መጫወት፣ አንዱ ከሌላው ጋር መግጠምም ተከለከለ። ለአገሬው ተወላጅ የተለየ የስፖርት ቢሮ ተቋቋመ። ቡድኖቹም ስማቸውን እንዲለውጡ ተደረገ፤ ቅዱስ ጊዮርጊስ ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር ተባለ። ሊቶሪዮ የፋሺስቶቹ የራሳቸው ቃል ነው። ውቤ ሰፈር ደግሞ ሰፈሩ። አቶ ይድነቃቸውና ጓደኞቻቸው በዚህ ስም፣ በተለየላቸው ሜዳ፣ እርስ በርሳቸው ብቻ እየተጋጠሙ አምስት ዓመት ኖሩ። ከ14 ዓመት ከመንፈቅ እስከ 19 ዓመት ከመንፈቅ ማለት ነው። እኛ በዚያ ዕድሜ ለማትሪክ ስናጠና፣ ዩኒቨርሲቲ ስንገባ ነበር። እነሱ ትምህርት ተቋርጦባቸው፣ የቀራቸው ኳሱ ብቻ ነበር፤ እሱም የሌላ ሰው ስም ተለጥፎበት።

በሥራዬ አንድ ነገር ታዝቤያለሁ። በሽተኛ ታሪኩን ሲናገር ለረጅም ሰዓት ስለ ዛሬው ሕመም ያወራና፣ መጨረሻ ላይ በር ሊወጣ ሲል በልጅነቱ የሆነችውን አንዲት ነገር ጣል ያደርጋል። ብዙ ጊዜ ምርመራው ያለው እዚያች ጋ ነው። የአቶ ይድነቃቸውን የኋላ ሥራ ሳነብ ደጋግሜ ወደ እነዚህ አምስት ዓመታት የምመለሰው ለዚህ ነው። ሌላ ሰው በሌላ መንገድ ሊያየው ይችላል፤ እኔ እንዲህ አየዋለሁ።

በ1933 ነጻነት ተመለሰ፣ ቡድኑም ስሙን መልሶ ያዘ። የእግር ኳስ ፌዴሬሽን ሲቋቋም አቶ ይድነቃቸው ገና የ22 ዓመት ገደማ ወጣት ናቸው፤ ከመሥራቾቹ አንዱ እሳቸው ነበሩ። ቀጥሎ የመጣው ነገር፣ ለእኔ ከዋንጫዎቹ ሁሉ በላይ የሚያጓጓኝ የ1936 ዓ.ም የውድድር ዘመን ነው። የመጀመሪያው ሻምፒዮና። ቡድኖቹ አምስት ብቻ ናቸው፦ የኢትዮጵያውያኑ ቅዱስ ጊዮርጊስ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ፣ የጣልያኖቹ ፎርቲቱዶ፣ እና የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ቡድን።

እስቲ አስቡት። ከሦስት ዓመት በፊት በአንድ ሜዳ መቆም የተከለከሉ ሰዎች አሁን ፊት ለፊት ተሰልፈዋል። አንደኛው ወገን በቅርቡ ገዥ የነበረው፣ ሌላው ወገን የተገዛው፣ ዳኛው መሐል ላይ ፊሽካ ይዞ። በከተማዋ የቀሩት ጣልያኖች መካኒክ፣ ግንበኛ፣ ዳቦ ጋጋሪ ሆነው ኑሮ ጀምረዋል። አርመኑና ግሪኩ ደግሞ ድሮም ጎረቤት ነው። ከአምስቱ ውስጥ የአገሩ ልጆች ቡድን አንድ ብቻ ስለነበር፣ ጊዮርጊስ ሲጫወት ከተማው እንዳለ የእሱ ደጋፊ ነበር ቢባል ማጋነን አይመስለኝም። አባቴ ያን ጊዜ ገና አልተወለደም፤ ግን ደጋፊነቱን ከአባቱ እንደ ርስት የወረሰው ከዚያ ነው።

ዋንጫውን ማን በላው? እንግሊዞቹ። ቅዱስ ጊዮርጊስ ሻምፒዮን ለመሆን እስከ 1942 ዓ.ም መጠበቅ ነበረበት። ይሄ ነገር በጣም ደስ ይለኛል። ታሪክ ሲነገር ብዙ ጊዜ ነጻነት ማግሥት ድል ይከተላል፤ እዚህ ግን ልጆቹ ስማቸውን አስመልሰው፣ በእኩል ሜዳ ወጡና፣ ተሸነፉ። በራስ ስም መሸነፍም አንድ ነገር ነው።

በርግጥ እዚህ ላይ አንድ ጓደኛዬ ሊሞግተኝ ይችላል፤ ያም ውድድር እኮ በወገን በወገን የተከፈለ ነበር ብሎ። ልክ ነው። የያኔዋ አዲስ አበባ የምትኖረው እንደዚያ ነበር፤ እያንዳንዱ ማኅበረሰብ የራሱ ክበብ፣ የራሱ ትምህርት ቤት ነበረው። የአቶ ይድነቃቸው ቀሪ ሕይወት ግን ከዚያ የመውጣት ሥራ ነው። ከአምስቱ ቡድኖች የቀረው ማን እንደሆነ ደግሞ ታውቃላችሁ።

የተሸነፈ የውድድር ዘመን ሲነሳ የራሳችንን ካላነሳሁ ይከፋኛል። ሦስተኛ ዓመት ሳለን የባቻችን ቡድን ገጥሞት የነበረውን የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። አሥራ አንድ ሰው በስንት ልመና ነው የሞላነው። የመሐል ተከላካያችን ፈተና ስላለበት በእረፍት ሰዓት ፋርማኮሎጂ ያነብ ነበር። እኔ የመጀመሪያ እርዳታ ሳጥን ያዥ ነበርኩ፤ ሳጥኑ ውስጥ የነበረው አንድ ጥቅል ፋሻ፣ አዮዲንና ግማሽ ኪሎ ብርቱካን ነው። ማልያውን ያመጣሁት ከአባቴ ሱቅ ነው፤ አረንጓዴ፣ አሥራ ሦስት ፍሬ፣ ቁጥሩን ያተመው ሰው ተሳስቶ ሁለት 7 ቁጥር ያለበት። ሁለተኛው ግጥሚያ ላይ ዳኛው ሁለቱንም ሰባቶች ጠርቶ አፋጠጣቸው፤ አንደኛው በፕላስተር አንድ ጨምሮበት 17 ሆነ። በአራት ጨዋታ አንድ አቻ ወጣን፣ በሦስቱ ተሸነፍን። ያቺን አንድ አቻ ግን እንደ ዋንጫ ነው ያከበርናት። ያ ቡድን ውስጥ ማን ከየት እንደመጣ ዛሬ ቁጭ ብዬ ልቁጠር ብል ለሁለቱ እርግጠኛ አይደለሁም።

ወደ አቶ ይድነቃቸው ልመለስ። ለቅዱስ ጊዮርጊስ 23 ዓመት ተጫወቱ። በስማቸው ተመዝግቦ የሚነገረው 365 ጨዋታና 318 ጎል ነው። ለብሔራዊ ቡድን 15 ጊዜ ተሰልፈዋል። ኢትዮጵያ የመጀመሪያውን ዓለም አቀፍ ግጥሚያዋን በ1940 ዓ.ም ከፈረንሳይ ሶማሊላንድ፣ ከዛሬዋ ጅቡቲ ጋር አድርጋ 5 ለ 0 ያሸነፈችው በእሳቸው የተጫዋችነት ዘመን ነው። ጫማ ሳይሰቅሉም አመራር ውስጥ ገቡ፤ ቀን ቢሮ፣ ማታ ልምምድ። ዛሬ አንድ ሰው ተጫዋችም አሠልጣኝም የፌዴሬሽን ሰውም ቢሆን እንጮሃለን። ያን ጊዜ ግን ሥራው ብዙ፣ የሚያውቀው ሰው ጥቂት ነበር።

እ.ኤ.አ. የካቲት 1957 ካርቱም ላይ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ሲመሠረት ኢትዮጵያን ወክለው ከተገኙት አንዱ እሳቸው ናቸው። መሥራች አገሮቹ አራት ነበሩ፦ ግብጽ፣ ሱዳን፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ። ከሱዳን በኩል ከነበሩት ሰዎች መካከል ዶክተር አብደል ሐሊም መሐመድ የተባሉ ሐኪም ነበሩ፤ ይህንን የምጨምረው ለሙያ አጋሮቼ ደስታ ነው። ከኮንፌዴሬሽኑ ምሥረታ ጋር የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫም እዚያው ካርቱም ሊደረግ ነው። ደቡብ አፍሪካ ግን ወይ ሙሉ በሙሉ ነጭ፣ ወይ ሙሉ በሙሉ ጥቁር ቡድን ነው የምልከው አለች። የተቀላቀለ ቡድን አይሆንም።

አቶ ይድነቃቸው ይህንን ሲሰሙ 35 ዓመታቸው ነው። ሜዳ ሲከፈል ምን እንደሚመስል ማንም ሊያስረዳቸው አያስፈልግም ነበር። ሌሎቹ መሥራቾችም አልተቀበሉትም፤ ደቡብ አፍሪካ ሳትጫወት ቀረች። ኢትዮጵያ ግጥሚያዋ ከደቡብ አፍሪካ ጋር ስለነበር ሳትጫወት ፍጻሜ ደረሰች፣ እዚያ ግብጽ 4 ለ 0 አሸነፈቻት። መርህ በነጻ አይገኝም የሚሉት እንዲህ ሲሆን ነው መሰለኝ፤ ያለልምድ ጨዋታ ፍጻሜ ገብቶ አራት ጎል መቅመስ።

አምስት ዓመት ቆይቶ ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ አዲስ አበባ መጣ። ጥር 1954 ዓ.ም። አቶ ይድነቃቸው አሠልጣኝ ሆነው ቡድኑን ይዘዋል። ኢትዮጵያ በግማሽ ፍጻሜ ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸነፈች። ጥር 13 ቀን፣ በፍጻሜው፣ ግብጽን (ያን ጊዜ የተባበረችው ዓረብ ሪፐብሊክ ትባላለች) ገጠመች። ሁለት ጊዜ ተመርታ ሁለት ጊዜ አቻ ሆነች፣ በጭማሪ ሰዓት 4 ለ 2 አሸነፈች። ግርማ ተክሌ፣ ኢታሎ ቫሳሎ፣ መንግሥቱ ወርቁ። የአባቴ ሱቅ ውስጥ እነዚህ ስሞች እንደ ጸሎት ነበር የሚደገሙት፤ እኔም ገና መባዛት ሳላውቅ አውቃቸዋለሁ።

የዚያ ቡድን አምበል ሉቺያኖ ቫሳሎ ነው፤ የኢታሎ ወንድም። አባታቸው ጣልያን፣ እናታቸው ኤርትራዊት፣ የአሥመራ ልጆች ናቸው። ስለ አቶ ይድነቃቸው ሕይወት የጻፉ ሰዎች የሚያነሡት አንድ ነገር አለ። ከውድድሩ በፊት ወንድማማቾቹ የጣልያን ስማቸውን በኢትዮጵያዊ ስም እንዲለውጡ፣ ዋንጫውንም ከንጉሠ ነገሥቱ እጅ የሚቀበለው ሌላ አምበል እንዲሆን ከላይ ሐሳብ መጥቶ ነበር ይባላል። አቶ ይድነቃቸው እምቢ አሉ።

እዚህ ጋ ቆም ብዬ አስባለሁ። ያን ጊዜ ወረራው ካበቃ ገና 21 ዓመቱ ነው። የሞተባቸው፣ የተሰደደባቸው ሰዎች ስታዲየሙ ውስጥ ተቀምጠዋል። የጣልያን ስም ጆሮ ላይ ከባድ ነበር፤ ሐሳቡን ያመጡት ሰዎችም ስሜታቸው ከየት እንደመጣ ይገባኛል። አቶ ይድነቃቸው ራሳቸው ደግሞ በልጅነታቸው ስማቸው ተነጥቆ ሊቶሪዮ የተባሉ ሰው ናቸው። ቂም ለመወጣት ከእሳቸው የበለጠ ምክንያት ያለው ሰው አልነበረም። ግን ስም ማስለወጥ ምን እንደሆነ የሚያውቁትም እሳቸው ነበሩ። ሉቺያኖ ቫሳሎ በራሱ ስም፣ አምበል ሆኖ፣ ዋንጫውን ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እጅ ተቀበለ። ፎቶውን ያላየ የለም።

ከዚያ በኋላ ያለው ሥራቸው በአብዛኛው ስብሰባ ነው፤ ስብሰባ ደግሞ ሲነገር አይጥምም፣ መምህራን ይህንን ያውቁታል። ሁለቱን ብቻ ልንገራችሁ። የመጀመሪያው የ1966 (እ.ኤ.አ.) የዓለም ዋንጫ ነው። ከ16 ቡድኖች ውስጥ ለአፍሪካ፣ ለእስያና ለኦሺኒያ በአንድ ላይ የተሰጠው አንድ ቦታ ነበር፤ የአፍሪካው አሸናፊ እንኳ ከሌሎቹ ጋር እንደገና መግጠም ነበረበት። የጋናው ኦሄኔ ጃንና አቶ ይድነቃቸው ተቃውሞውን መሩ፣ አፍሪካም ከማጣሪያው እንዳለ ወጣች። ለ1970ው ዋንጫ ፊፋ ለአፍሪካ አንድ ሙሉ ቦታ ሰጠ፤ ሞሮኮ ሄደች። ዛሬ አፍሪካውያን ቡድኖች በዓለም ዋንጫ ሲጫወቱ ሌሊት ተነሥተን የምናየው፣ አንድ ጊዜ እምቢ ስለተባለ ነው።

ሁለተኛው እንደገና ደቡብ አፍሪካ ናት። ፊፋ በ1961 አገደ፣ በ1963 እገዳውን አነሣ፣ በ1964 መልሶ አገደ፤ እንዲህ ሲንከባለል ቆየ። እ.ኤ.አ. በ1972 አቶ ይድነቃቸው የአፍሪካ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ከዶክተር አብደል ሐሊም ወንበሩን ተረከቡ። በ1974 የፊፋ ምርጫ የአፍሪካ ድምፅ እንግሊዛዊውን ሰር ስታንሊ ራውስን ጥሎ ብራዚላዊውን ዦአው ሃቬላንጅን አነገሠ። በ1976 ደግሞ ሞንትሪያል ላይ ደቡብ አፍሪካ ከፊፋ ጨርሳ ተባረረች። ከካርቱሙ ስብሰባ 19 ዓመት በኋላ ማለት ነው። አንድ ጉዳይ ይዞ 19 ዓመት መመላለስ እንዴት ያለ ትዕግሥት እንደሆነ፣ ከአንድ ቢሮ አንድ ፊርማ ለማግኘት ሦስት ወር የተመላለሰ ሰው ይገምተው።

ሁሉንም ነገራቸውን አወድሳለሁ ማለት አይደለም። በአንድ ወንበር 15 ዓመት መቀመጥ፣ በንጉሡም በደርግም ዘመን፣ ጥያቄ የማያስነሣ ነገር አይደለም። የአፍሪካ ተጫዋች ወደ አውሮፓ መጉረፉንም አጥብቀው ይቃወሙ ነበር። ከ1965 እስከ 1982 (እ.ኤ.አ.) ለአፍሪካ ዋንጫ አንድ ቡድን ከውጭ የሚያስመጣው ተጫዋች ከሁለት እንዳይበልጥ ደንብ ነበር። ይቺ ደንብ በእኛ ባች ላይ ብትሠራ ጉዳችን ነበር። ግማሾቻችን ውጭ አገር ናችሁ፤ በየቡድኑ ሁለት ሁለት ዲያስፖራ ብቻ ይሰለፍ ቢባል ቀሪዎቻችሁ ትኬት ቆርጣችሁ መጥታችሁ ውኃ ልታቀብሉ ነው። ስቄ ልለፈው ብዬ ነበር፤ ግን ውስጤ እንደዚያ አይልም። ያሠለጠነን ሰው በሰላሳ ዓመቱ ሌላ አገር ሲሰለፍ የሚታየው ክፍተት ምን እንደሚመስል በየወሩ የተረኛ መርሐ ግብር ሳወጣ አየዋለሁ። ደንቡን አልስማማበትም፣ ስጋቱን ግን ይገባኛል። የሄዳችሁትን አልቀየምም፣ የቀረሁትም እኔ ጀግና ስለሆንኩ አይደለም።

አቶ ይድነቃቸው ያረፉት ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም ነው፤ የ65 ዓመት ሰው ነበሩ፣ ለእንቁጣጣሽና ለልደታቸው ከሦስት ሳምንት ጥቂት ሲቀር። እስከዚያች ቀን የኮንፌዴሬሽኑ ፕሬዚዳንት ነበሩ። ወንበሩን በጊዜያዊነት መልሰው የያዙት እነዚያው ሱዳናዊ ሐኪም ናቸው። ደቡብ አፍሪካ ወደ አፍሪካ እግር ኳስ የተመለሰችው ከአምስት ዓመት በኋላ፣ በ1992 (እ.ኤ.አ.) ነው። በ1996 ዋንጫውን በራሷ ሜዳ፣ በተቀላቀለ ቡድን በላች። ያንን ጨዋታ አባቴ ሱቅ ውስጥ በትንሽ ቴሌቪዥን ነው ያየነው። ያ በ1979 በራችንን የገጠመው ጎረቤታችንም ነበር። ማንም ስማቸውን አላነሣም፣ ግን ዋንጫው ሲነሣ ሁለቱ ሽማግሌዎች ተያዩ።

አባቴ ካረፈ ስድስት ዓመት ሆነው፤ ሱቁም አሁን የሌላ ሰው ነው። ባለፈው ቅዳሜ ግን ከሥራ ስወጣ ወደዚያው አቅጣጫ ሄድኩ። በየተራው እየጠየቅሁ የስፖርት ልብስ የሚያትም አንድ ልጅ አገኘሁ፤ ሃያ ሁለት ማልያ፣ አሥራ አንድ አረንጓዴ፣ አሥራ አንድ ቢጫ አልኩት። ጀርባው ላይ የሰፈር ስም ይጻፍ ወይ የአገር ብሎ ጠየቀኝ፤ አሁን አሁን ሰው የሚያዘው እንደዚያ ነው አለ። ቁጥር ብቻ አልኩት።

ለኮሚቴውም ያን ምሽት ያልተናገርኩትን በማግሥቱ ደውዬ ተናገርኩ። ሐሳቡን ያመጣው ጓደኛችን ትንሽ ዝም አለና፣ እንግዲያው በዕጣ ይሁን አለ። በዕጣ ነው። ወረቀቶቹን የምትጠቀልለው የላብራቶሪ አስተማሪያችን ናት፤ እሷን የሚጠራጠር የለም። ጨዋታው እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ ከምሳ በፊት አይደለም፣ ሐኪም ነኝና ከምሳ በኋላም ወዲያው አይደለም። ማልያው እኔ ጋ ነው። ስቆጥረው አረንጓዴው ውስጥ ሁለት 7 ቁጥር አለ፤ ይህኛውን ግን እኔ ነኝ ያዘዝኩት። ፕላስተር ይዛችሁ ኑ።